አምስት መቶ ዓመት፣ ምሳን ጨምሮ

የሰው ልጅ ከፈለሰፋቸው ብልሃቶች መካከል እንደ አንድ ቀን ጉብኝት ብዙ ውለታ ውሎ እንደ እርሱ ምስጋና የተነፈገ አላውቅም። ከዋሽንግተን አካባቢ ተነሥቶ በዶሚኒካን ሪፐብሊክ የባሕር ዳርቻ፣ በፑንታ ካና፣ አንድ ሳምንት የሚያሳልፍ ወገናችን ከሰባቱ ቀናት ስድስቱን በመዋኛ ገንዳ ዳር ተጋድሞ ሰባተኛዋን ለታሪክ መስጠቱ ሊያስመሰግነው ሲገባ፣ «ሀገሩን ሳያይ ተመለሰ» እያሉ የሚያሙት ምቀኞች አልጠፉም። ሀገር የሚታየው በእግር ተዙሮ፣ ከሰዉ ጋር ተቀምጦ፣ ቋንቋውን ትንሽም ቢሆን ለምዶ ነው ያላቸው ማን ነው? ሀገር የሚታየው በሪዞርቱ አዳራሽ ጥግ ጠረጴዛ ዘርግታ ከተቀመጠችው ወጣት ዘንድ ተመዝግቦ፣ ደረሰኝ ተቀብሎ፣ በማግሥቱ ከንጋቱ 12 ሰዓት ላይ የእጅ አምባርን እንዳጠለቁ አውቶቡሱን በመጠበቅ ነው።

የዘዴውን ታላቅነት ለመረዳት ከእርሱ በፊት የነበሩትን ማስታወስ ይበቃል። እስፓንያዊው ባርቶሎሜ ዴ ላስ ካሳስ እ.ኤ.አ. በ1502 ዶሚኒካን ሪፐብሊክ ያለችበትን ደሴት ከረገጠ በኋላ በዙሪያው የሚደረገውን ግፍ ለመገንዘብ ዓመታት ፈጅቶበታል፤ እንዲያውም እርሱ ራሱ የደሴቲቱን ነባር ነዋሪዎች፣ የታይኖ ሰዎችን፣ በግዳጅ ሥራ የሚያሠራ ባለርስት ሆኖ ከቆየ በኋላ ነው ልቡ የተመለሰው። የቀረውንም ረጅም ዕድሜውን ያየውን በመጻፍና በመከራከር ጨረሰው። የእኛ ሰው ግን ያንኑ ምድር በአንድ ቀን አዳርሶ ለራት ይመለሳል።

መንገዱ ወደ 200 ኪሎ ሜትር ይጠጋል። እ.ኤ.አ. በ2012 የተከፈተው የኮራል ፈጣን መንገድ ባለውለታ ነውና ጉዞው ሁለት ሰዓት ተኩል ገደማ ብቻ ይፈጃል፤ ይህም ሌሊቱን በነፃ መጠጥ ሲታገል ላደረ ሰው የሚበቃ እንቅልፍ ሆኖ የተለካ ይመስላል። አየር ማቀዝቀዣው ሹራብ ያስለብሳል፤ መጋረጃውም ወፍራም ነው። መጋረጃው ባይኖር ተጓዡ ወደ ላ ሮማና ሲቃረብ ማለቂያ የሌለውን የሸንኮራ አገዳ ማሳ፣ ከዚያም አልፎ ባቴይ የሚባሉትን፣ ከሄይቲ የመጡ አገዳ ቆራጮች ከነልጆቻቸው የሚኖሩባቸውን ሰፈሮች ማሰብ ሊጀምር ይችል ነበር። በመካከሉ ደግሞ የአሜሪካ ጉምሩክ እ.ኤ.አ. በ2022 ሴንትራል ሮማና የተባለውን ኩባንያ ስኳር የግዳጅ ሥራ ምልክቶች ታይተውበታል ብሎ ወደ ሀገር እንዳይገባ ማገዱን ያነበበ አንድ ነገረኛ ቢኖር ጥያቄ ያነሣና የተኛውን ሁሉ ይቀሰቅስ ነበር። ስኳሩን በቁርስ ቡናው ጠጥቶት የወጣ ሰው ማሳውን ደግሞ ይመልከት ማለት ነገር መደጋገም ነው።

ከተማዋ፣ ሳንቶ ዶሚንጎ፣ በደረቅ ዓይን አትታይም፤ ከሥራዋ ብዙው በኩርነት ነው። የእስፓንያ ገዥ የነበረው ኒኮላስ ዴ ኦቫንዶ እ.ኤ.አ. በ1502 በኦሳማ ወንዝ ምዕራባዊ ዳርቻ ካቆማት ጊዜ ጀምሮ አውሮፓውያን በአሜሪካ አህጉር የሠሩትን የመጀመሪያውን ሆስፒታል፣ የመጀመሪያውን ካቴድራል፣ የመጀመሪያውን ንጣፍ መንገድ፣ እንዲሁም እ.ኤ.አ. በ1538 በሮማ ጳጳስ ደብዳቤ ተቋቋመ የሚባለውን የመጀመሪያውን ዩኒቨርሲቲ ይዛ ኖራለች፤ ዩኔስኮም እ.ኤ.አ. በ1990 በዓለም ቅርስነት መዝግቧታል። አስጎብኚው የታጠፈ ጃንጥላውን ወደ ላይ ቀስሮ ከፊት ይሄዳል፤ ተጓዡም «የመጀመሪያው» በተባለ ቁጥር ስልኩን ያነሣል። ተመልሶ «ምን አየህ?» ሲባል የሚመልሰው አያጣም።

በካቴድራሉ በር ላይ ትከሻና ጉልበት ሳይሸፍኑ መግባት ክልክል ነው። በሀገሯ ነጠላዋን መስቀለኛ ሳታጣፋ የቤተ ክርስቲያን ደጅ የማትረግጠው እኅታችን እዚህ በቁምጣ መጥታ ጨርቅ ተውሳ ስትገባ ማየት የባሕር አየር ለነፍስ ያለውን ጥቅም ያስረዳል። ውስጡን በሃያ ደቂቃ ማዳረሳቸውም ቀላል ነገር አይደለም፤ እንግሊዛዊው የባሕር ወራሪ ፍራንሲስ ድሬክ እ.ኤ.አ. በ1586 ከተማዋን በያዘ ጊዜ አንድ ወር ያህል እየዘረፈና እያቃጠለ ተቀምጦ፣ 25,000 ዱካት ተከፍሎት ነው የወጣው። ጊዜውን በአግባቡ የሚመድብለት አስጎብኚ ያጣ ሰው መጨረሻው ይኸው ነው።

የቀኑ ዘውድ ግን ከካቴድራሉ ጎን ያለው የኮሎን፣ ማለትም የኮሎምበስ፣ አደባባይ ነው። እዚያ እ.ኤ.አ. በ1887 የቆመ የነሐስ ኮሎምበስ እጁን ወደ ሩቅ ዘርግቶ ይታያል፤ ከእግሩ ሥር አንዲት የተራቆተች የታይኖ ሴት በሐውልቱ መደብ ላይ ተንጠራርታ ስሙን ትጽፍለታለች። አናካኦና ናት ይባላል። አናካኦና በደሴቲቱ የሐራጉዋ የተባለው የታይኖ ግዛት ገዥ ነበረች፤ ኦቫንዶን በክብር ተቀብላ ግብር ብታበላው እርሱ ባላባቶቿን በቤት ዘግቶ አቃጠለ፣ እርሷንም ወደ ሳንቶ ዶሚንጎ አስመጥቶ በስቅላት አስገደላት። ተሰቅላ የሞተችውን ሴት ለሰቃዮቿ ፊታውራሪ የምስጋና ጽሑፍ ማስጻፍ የቀራፂውን የእጅ ሙያ ብቻ ሳይሆን የትዕዛዝ ሰጪዎቹንም ጨዋነት ያሳያል። ኦቫንዶም አልተረሳም፤ ጥቂት ወረድ ብሎ በእስፓንያ አደባባይ የራሱ ሐውልት፣ በዳማስ መንገድ ላይ ደግሞ በስሙ የተሰየመ ጥሩ ሆቴል አለው።

ከሐውልቱ ሥር ርግቦች ይርመሰመሳሉ፤ በቆሎ ገዝቶ መዳፉ ላይ የዘረጋ ሰው ትከሻው ላይ ሁለት ሦስት ይሰፍሩለታል። በየካቲት 23 ነጭ ለብሶ፣ የምኒልክን ምስል መገለጫው አድርጎ፣ «ቅኝ ያልተገዛን ሕዝቦች ነን» እያለ ሲፎክር የከረመው ወገናችን በሐምሌ ከዚህ ሐውልት ሥር ርግብ በትከሻው፣ ሁለት ጣት ወደ ላይ፣ ጥርስ በሙሉ ሆኖ ፎቶ ይነሣል። ይህን እንደ ነውር የሚቆጥር ሰው አድዋን አልተረዳም። ኮሎምበስ የጄኖዋ ሰው ነው፤ ጣልያን ያሸነፈ ሕዝብ ከአንድ ተጨማሪ ጣልያን ጋር ፎቶ ቢነሣ እንደ ምርኮኛ ቆጠራ እንጂ እንደ ሌላ አይታይበትም።

ከተማዋ ሌሎች የመጀመሪያ ነገሮችም አሏት፤ ጥላና መጸዳጃ ቤት በአቅራቢያቸው ስለሌለ ግን በፕሮግራሙ አልገቡም። እ.ኤ.አ. በ1511፣ ከገና በፊት ባለው እሑድ፣ አንቶኒዮ ዴ ሞንቴሲኖስ የተባለ ዶሚኒካዊ መነኩሴ የኮሎምበስ ልጅ ዲዬጎና ሹማምንቱ በተቀመጡበት ስለ ታይኖዎች «እነዚህ ሰዎች አይደሉምን?» ብሎ ሰበከ። ሜክሲኮ የሰጠችው ግዙፍ ሐውልቱ እጁን አፉ ላይ አድርጎ ወደ ባሕሩ እየጮኸ በመንገዱ ዳር ቆሟል፤ አውቶቡሱም አጠገቡ ሲደርስ ፍጥነቱን አይቀንስም፣ ምክንያቱም በዚያ ሰዓት የመጠጥ ውኃ ይታደላል። ከአሥር ዓመት በኋላ፣ በ1521 የገና ሰሞን፣ በዚሁ በዲዬጎ የስኳር ማምረቻ ብዙዎቹ ከምዕራብ አፍሪካ የወሎፍ ሕዝብ የሆኑ አፍሪካውያን ባሪያዎች ዐመፁ፤ በአሜሪካ ምድር ከተመዘገቡት የባሪያ ዐመፆች ቀዳሚው ይኸው ነው። የተያዙት ተሰቀሉ፤ ጥቂት ቀናት ሳይቆይም ባሪያዎች እንዳይንቀሳቀሱ የሚያግድ ሕግ ወጣ። እኛ አፍሪካውያን ጎብኚዎች ይህን ሁሉ ሰምተን ምሳ እንዴት ይወርድልናል? ስለዚህ በምትኩ የዲዬጎን ቤተ መንግሥት እንጎበኛለን፤ በታይኖ ጉልበት ተገንብቶ፣ በኋላም ፈርሶ ኖሮ በ1950ዎቹ በአምባገነኑ በትሩሂዮ ዘመን መልሶ የተጠገነ ነው፤ የወጥ ቤቱ ዕቃና የሚያምረው አልጋ ለፎቶ ይመቻሉ።

አስጎብኚውን ማማት ግን ተገቢ አይደለም፤ ይህን ስል አልቀልድም። የሞንቴሲኖስንም የአናካኦናንም ታሪክ ከእኔ አሥር እጥፍ ያውቃል፤ በጥላ ሥር የጠየቀው ሰው ቢገኝ ይናገራል። የሚጠየቀው ግን ዋይፋይ የት እንዳለ ነው።

ከምሳ በፊት የኮሎምበስ ፋና ይታያል። ፕሬዚዳንቱ ባላጌር እ.ኤ.አ. በ1992 ለኮሎምበስ መምጣት አምስት መቶኛ ዓመት ያስመረቀው ይህ በመስቀል ቅርጽ የተሠራ የኮንክሪት ተራራ ሌሊት መብራቱን ወደ ሰማይ ሲለቅ በደመና ላይ መስቀል እንዲታይ የታሰበ ነበር፤ በዙሪያው ያለው ሰፈር መብራት ሲጠፋበት ሰማዩን ቀና ብሎ የማየት ዕድል አግኝቷል። የኮሎምበስ ዐፅም እዚህ ነው ይላሉ። የእስፓንያዋ ከተማ ሴቪያም እኛ ጋ ነው ትላለች፤ በ1795 ከዚህ ወደ ሃቫና፣ በ1898 ደግሞ ወደ እስፓንያ የተወሰደው ዐፅም የእርሱ ነው ባይ ናት። በ1877 ግን በካቴድራሉ ውስጥ ስሙ የተጻፈበት የእርሳስ ሣጥን ተገኘ፤ ክርክሩም እንዳለ አለ። ተጓዣችን ያለ ምንም ማወላወል ከሳንቶ ዶሚንጎ ጎን ቆሟል፤ ሴቪያ በከፈለው ዋጋ ውስጥ አልተካተተችማ።

ምሳው ሩዝ፣ ባቄላና ዶሮ ነው። ከምሳ በኋላ ሱቅ ይመጣል፤ አርባ አምስት ደቂቃ የተመደበለት ብቸኛው ቦታ እርሱ መሆኑ የአዘጋጆቹን ማስተዋል ይመሰክራል። ካቴድራሉ ውስጥ እግሩን ሲያመው የነበረው አባወራ እዚህ ወጣት ይሆናል። በዓለም ላይ በዚህች ሀገር ብቻ የሚገኘው ሰማያዊው የላሪማር ድንጋይ በመስታወት ሥር ይብለጨለጫል፤ ሻጯ አምበር የሚባለውን ድንጋይ የሆነ ጥንታዊ የዛፍ ሙጫ ቁራጭ ወደ መብራት አንሥታ በውስጡ የታሸገችውን ትንኝ ታሳያለች፤ አንድ ሽማግሌ ሲጋር እየጠቀለለ ቀና ሳይል ፈገግ ይላል። በሩም አረቄ፣ በወይን፣ በማርና በዛፍ ልጣጭ የሚዘፈዘፈውን ማማሁዋና በትንሽ ብርጭቆ ይቀምሱታል፤ አስጎብኚውም ለወንዶች የሚሰጠውን ጥቅም በጥቅሻ ያስረዳል። አባወራው ይስቃል፣ ሁለት ጠርሙስ ይገዛል። ከዚያ ወደ ቡናው መደርደሪያ ይሄድና ለሻጯ ቡና የተገኘው በሀገሩ መሆኑን ቆፍጠን ብሎ ካስረዳት በኋላ ሦስት እሽግ የዶሚኒካን ቡና ያስጠቀልላል።

አመሻሽ ላይ አውቶቡሱ ሪዞርቱ በር ሲደርስ የአስተያየት ቅጽ ይታደላል፤ ይህ የሥልጡን ሰው ግዴታ ነውና ሁሉም ከልቡ ይሞላዋል። አውቶቡሱ አምስት ኮከብ፣ ሱቁ አምስት ኮከብ፣ ምሳው አራት፣ ከተማዋ ሦስት። ሁለቱ ኮከቦች የተቀነሱት የድንጋዩ ንጣፍ ለተረከዛም ጫማ ስለማይመችና በአደባባዩ በቂ ጥላ ስለሌለ ነው፤ ቅሬታው ለኦቫንዶ የሚቀርብ ቢሆንም አዘጋጆቹ በእርሱ ፈንታ ይቅርታ ጠይቀዋል። ለሚቀጥለው ወቅትም በዳማስ መንገድ ላይ የሚደረገውን የእግር ጉዞ አስቀርተው የተረፈውን ሩብ ሰዓት ለሱቁ ለመጨመር አስበዋል፤ ዋጋው ግን ያው ነው፣ ምሳውንም ይጨምራል።