የ3,000 ዓመት ታሪክ በ90 ደቂቃ፣ ቡና ጭምር

ለአስጎብኚዎቻችን ምስጋና ማቅረብ የነበረብን ቀደም ብሎ ነበር፤ ዘግይተናል። ሲግድ፣ የጾምና የስግደት በዓላችን፣ በተቃረበ ቁጥር፣ በእስራኤል የእኛ የቤተ እስራኤል (የኢትዮጵያ አይሁድ) ሰው የበዛባቸውን ሰፈሮች በእግር የሚያዞር፣ እያዞረም የሚያበላ ወገን እንደ ክረምት እንጉዳይ ይፈላል። ዘንድሮ ማስታወቂያው ያልገባበት ስልክ የለም፤ የ3,000 ዓመት ታሪክ፣ የእንጀራ ቅምሻ፣ ዶሮ ወጥና ሙሉ የቡና ሥነ ሥርዓት፣ ሁሉም በ90 ደቂቃ፣ ዓርብ ከሰዓት። ነቢያቱ እንኳ እንዲህ አላሳጠሩትም! ረሖቮት ቂርያት ሞሼም ኑር ነታንያ፣ ቂርያት ማላኺም ኑር ቂርያት ጋት፣ ጫፉ ላይ ባንዲራ የታሰረበት ዘንግ መስኮትህ ሥር ከቆመ ተጎብኝተሃል ማለት ነው። እንኳን ደስ አለህ።

አስጎብኚው መጀመሪያ የሚቆመው ባለ አራት ፎቅ ሕንፃ ሥር ነው። በረንዳ ላይ የተሰጣውን ነጠላ በጣቱ እያሳየ “እነዚህ ሰዎች አብሮ መኖር ይወዳሉ” ይላል። ሠላሳው ሰው ቀና ብሎ ነጠላውን ፎቶ ያነሣል። ምን ዓይነት ምርምር ነው! እኛ ሞኞቹ ነገሩን ከማሽካንታ (ከቤት ብድር) ጋር ስናያይዘው ኖረናል። በ1990ዎቹ (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ያዙልን) አዲስ ገቢዎች ከሚያርፉበት መርካዝ ክሊታና ከካራቫን ለሚወጣው ኦሌ ልዩ የቤት ብድር ተሰጠ። ብድሩ ግን ጣሪያ ነበረው፤ በዚያ ገንዘብ ቤት የሚገኘው ዋጋው በወደቀበት፣ አቅም ያለው ለቅቆ በሚወጣበት ሰፈር ነበር። አንዱ ሲገዛ ዘመዱ ተከተለው፣ ዘመድ ሲበዛ ነባሩ ጎረቤት ሸጦ ሄደ፣ ያ ሲሄድ ዋጋው ይበልጥ ወረደ። ይህን ማስረዳት ሦስት ደቂቃ ይፈጃል። ሦስት ደቂቃ ደግሞ የአንድ ሳምቡሳ ዕድሜ ነው። “ይወዳሉ” ይበቃል።

እግረ መንገዳችንን፣ ከአሮጌ መጽሐፍ የለቀመውን “ፈላሻ” የሚል ቃል በማይክሮፎን የሚደጋግመውንም እናመሰግናለን። ስድብ መሆኑን የሚያውቁት የተሰደቡት ብቻ ስለሆኑ ከጎብኚዎቹ ማንም አይከፋውም።

ቀጥሎ እንጀራ። እዚህ ላይ አስጎብኚው ሐኪም ይሆናል፤ ጤፍ ግሉተን የለውም፣ ብረት አለው፣ አንጀት ያጠራል። ጤፍስ እውነት ግሉተን የለውም። ሳህኑ ላይ የተዘረጋው ጤፍ ብቻ መሆኑን ግን ማን ጠየቀ? ኢትዮጵያ በ2006 የጤፍ እህል ወደ ውጭ እንዳይወጣ ከከለከለች ወዲህ እዚህ የሚጋገረው ብዙ ጊዜ ከስንዴ ዱቄት ጋር ተደባልቆ ነው፤ ስንዴው ሊጡን ያያይዘዋል፣ ዋጋውንም ያቀልለታል። ስንዴ የማይስማማው ጎብኚ የሐኪሙን ምክር ሰምቶ ሁለት ጥቅል ይውጣል፤ ሌሊቱን የት እንደሚያሳልፍ እሱና መታጠቢያ ቤቱ ያውቃሉ። የጋገረችውን ሴት “ስንት እጅ ስንዴ አለበት?” ብሎ መጠየቅ አንድ ዓረፍተ ነገር ነበር። ግን እሷ ለፎቶ እንጂ ለጥያቄ አልቆመችም።

ስለ ሊጡም ቢጠይቃት ጥሩ ነበር። በሐምሌ ሙቀት በአንድ ቀን ተኩል የሚደርሰው ሊጥ በጥር ሦስት ቀን ይፈልጋል። ላዩ ላይ የቋተተው ውኃ ተደፍቶ፣ ከሊጡ ተቀንሶ አብሲት ተጥዶ፣ ተመልሶበት እስኪነሣ ካልተጠበቀ ምጣድ ላይ ዓይን አያወጣም፤ ድፍን ቂጣ ይሆናል። አስጎብኚው ይህን ሁሉ “የአፍሪካ ፓንኬክ” ብሎ ገላግሎናል።

ዶሮ ወጡ ይብሳል። ለአንድ ዶሮ ወደ ሁለት ኪሎ ሽንኩርት ተከትፎ፣ ያለ ዘይት በለስላሳ እሳት ውኃውን እስኪጨርስ ይቁላላል። ውኃው ሳይመጥ ዘይትና በርበሬ የገባበት ወጥ ቢውል ቢያድር አይዋሐድም፤ ዘይቱ ላይ፣ ቀዩ ውኃ ታች ሆኖ ይቀራል። ሦስት ሰዓት የሚፈጀው ለዚህ ነው። ለጉብኝት የሚቀርበው ግን ሽንኩርቱ በማሽን ተፈጭቶ፣ በርበሬው “እንዳያቃጥል” ተቀንሶ፣ ቀለሙን የቲማቲም ድልህ የሰጠው ነው። ሲቀርብም አስጎብኚው “ልክ እንደ ጎንደሩ፣ በንጥር ቅቤ!” ብሎ ያውጃል። በካሹር ቤት፣ የአይሁድ የምግብ ሕግ ሥጋና ወተት አንድ ላይ በማይፈቅድበት፣ ዶሮና ቅቤ በአንድ ድስት! የቤቱ እመቤት በድንጋጤ ማማሰያውን ልትጥል ትደርሳለች። እዚህ አገር ዶሮ ወጥ በዘይት ነው የሚሠራው። ዶሮውም የሚሸጠው ለካሹርነቱ በጨው ታሽቶ ከታጠበ በኋላ ስለሆነ፣ እንደ ድሮው ጨው የምትነሰንስ ሴት ወጡን ታበላሻለች። ይህን የምታውቀዋ አጠገቡ ቆማለች፤ ማይክሮፎኑ ግን እሱ ጋ ነው። ከኋላ በኩል ደግሞ አንዱ ጎብኚ ስለ ክትፎ አንብቦ መጥቶ “ጥሬው መቼ ነው?” ይላል። ቤተ እስራኤል ጎንደር ሳሉም ጥሬ ሥጋ አለመብላታቸው ከጎረቤት የሚለዩበት ምልክት እንደነበር ማን ይንገረው? አስጎብኚው “ሲቀጥል” ይለዋል።

ከሁሉ የሚደንቀው ፈጠራ ግን የሲግድ ዕለቱ ቁርስ ነው። ሲግድ ከዮም ኪፑር (ከማስተሰረያ ቀን) 50ኛው ቀን ነው፤ በ2008 በሕግ ብሔራዊ በዓል ሆኗል። ጎንደር ውስጥ አምቦበር ላይ ሕዝቡ ነጭ ለብሶ፣ ጾሞ፣ ተራራ ይወጣ ነበር። አሁን ኢየሩሳሌም ላይ ቄሶቹ ኦሪቱን በግእዝ ያነብባሉ፣ ሕዝቡ ይሰግዳል፣ ጾሙም ከቀትር በኋላ በዳቦ ይገደፋል። እንግዲህ በዚህ ቀን፣ በጠዋቱ፣ በጾመኛ መካከል ቅምሻ የሚያዞር ጭንቅላት ምን ይባላል? ጅብ በማያውቁት አገር ሄዶ “ቁርበት አንጥፉልኝ” አለ ይባላል። ይኼኛው ቁርበቱን ራሱ ይዞ መጥቷል፤ በላዩም ቁርስ ያቀርባል።

አሁን ወደ ዋናው ጥበብ፣ ወደ ቡናው እንለፍ። ለቡና የተመደበው 20 ደቂቃ ነው። እናስላው። ሠላሳ ሰው ነው፤ ደህና ጀበና አሥር ስኒ ቢቀዳ ነው። አቦል፣ ቶናና በረካ ለሁሉም ይዳረስ ከተባለ 90 ስኒ፣ ዘጠኝ ጊዜ መጣድ ማለት ነው። አንዱ ጀበና ፈልቶ፣ ወርዶ፣ ማቶቱ ላይ ዘንበል ብሎ አተላው እስኪሰክን አሥር ደቂቃ ይፈጃል። ዘጠኝ ጊዜ አሥር፣ 90 ደቂቃ፤ ልብ አድርጉ፣ እንጀራውንም ታሪኩንም ወደ ጎን ብለን። ፍሬው ደግሞ ገና አልታጠበም። ገለባው እስኪለቅ ሁለት ሦስት ጊዜ ይታሻል፣ እጅ ሳያርፍ 15 ደቂቃ ይቆላል፣ ጢሱ ለእያንዳንዱ እንግዳ ይዞራል፣ ከዚያ ሙቀጫና ዘነዘና።

አስጎብኚያችን ግን ለዚህ ሁሉ መላ አለው። ቡናው ሐሙስ ማታ ተቆልቶ ይደር። ዓርብ፣ እንግዳው ደረጃውን ሲወጣ፣ ያው የተቆላው ፍሬ ብረት ምጣዱ ላይ ጠብታ ዘይት ጠብ ተደርጎበት ይሙቅ፤ ጢስ ይወጣዋል፤ ጎብኚ ደግሞ ጢስ እንጂ ቡና አያይም። ሙቀጫው ፊት ለፊት ይቀመጥ፣ ዘነዘናው ሦስት ጊዜ ይውረድ፣ ቪዲዮ ይነሣ፤ እውነተኛው ዱቄት ከማድ ቤት በላስቲክ ይምጣ። ቄጤማው ፕላስቲክ ስለሆነ በሚቀጥለው ዓርብም ያገለግላል። ጀበናው የሸክላ፣ ውኃው ግን በኤሌክትሪክ ማንቆርቆሪያ የፈላ። እንዲሰክንም አይጠበቅ። አተላው ስኒው ውስጥ ሲገባና ጎብኚው ጥርሱ መካከል የገባውን ሲለቅም፣ “ጥንታዊው አጣጣል እንዲህ ነው” ይባል። አንዷ ወተት ትጠይቃለች፤ ዶሮውን ከበላች አሥር ደቂቃ ሆኗታል። ሌላው ቀሚስ አልብሱኝ ይላል። ሦስተኛው የሙቀጫውን ዋጋ ይጠይቃል። ይሸጣል፤ ከኛም ወገን አንዱ ብልጥ ከበሩ ውጭ ስምንት ደርድሮ ቆሟል። የቤቱ አዛውንት ምርቃት ያወርዳሉ፤ ዘር ይባረክ፣ የሄደ ይመለስ፣ የታመመ ይዳን፣ ኢየሩሳሌምን ሳያዩ የቀሩትን ነፍስ ይማር፤ አምስት ደቂቃ ሙሉ። አስጎብኚው ይተረጉማል፦ “እንኳን ደህና መጣችሁ አሉ።”

አቦል ካለቀ በኋላ ሁለተኛው ውኃ እስኪፈላ ክፍተት አለ። ታሪክ የሚነገረው ያኔ ነው። ሰውን በአውሮፕላን ወደ እስራኤል ያመጡት ዘመቻ ሙሴና ዘመቻ ሰሎሞን፣ በ1991 በ36 ሰዓት ከ14,000 በላይ ሰው፣ ወንበሩ የተነቀለ ጃምቦ ጄት፣ አየር ላይ የተወለዱ ሕፃናት፣ ጭብጨባ። አይሁድነታቸው ተጠርጥሮ በምሳሌያዊ ጥምቀት ይታደስ ሲባሉ በ1985 ኢየሩሳሌም ላይ ለሳምንታት አደባባይ የተቀመጡት፣ ለልጆቻቸው በየቢሮው ሌላ ስም የወጣላቸው፣ የለገሱት ደም ሲጣል መኖሩን በ1996 የሰሙት ለምግብ መፈጨት ስለማይመቹ ይታለፋሉ።

ሱዳንም ይታለፋል። እዚህ ላይ ምስጋናችን ይቁም። ከጎንደርና ከትግራይ መንደሮች በሌሊት የወጣው ሰው አውሮፕላን አይቶ አልነበረም የወጣው፤ በእግሩ ነው፣ ለሳምንታት፣ ልጅ አዝሎ፣ በሽፍታና በጥም መካከል። በመንገድና እንደ ኡም ራኩባ ባሉ የሱዳን ካምፖች ወደ 4,000 ሰው አልቋል። አይሁድ መሆኑ እንዳይታወቅበት ሬሳውን በሌሊት የቀበረ አባት አለ። ከሱዳን ሰው በአውሮፕላን የሚያወጣው፣ በኅዳር 1984 የተጀመረው ዘመቻ ሙሴ ወሬው ወጥቶ በጥር 1985 ሲቋረጥ፣ ልጅ እዚህ ደርሶ እናት እዚያ ቀርታለች። ኢየሩሳሌም ውስጥ ሄርጽል ተራራ ላይ መታሰቢያ አላቸው፤ በየዓመቱ ይለቀስላቸዋል። ይህቺ ቡና የምትቀዳው ሴት ዕድሜዋን ቁጠሩት፤ ያን መንገድ ራሷ ሄዳው ይሆናል። ፊቷ ቁጭ ብላችሁ “በንስር ክንፍ መጡ” ትላላችሁ፣ እሷም ስኒ ይዛ ታዳምጣለች! ጊዜ ከሌላችሁ ዝም በሉ። 4,000 ሰው በአቦልና በቶና መካከል አይነገርም፤ ነውር ነው!

ወደ ምስጋናችን እንመለስ። በረካ ሲደርስ ሰዓት ስላለቀ፣ አስጎብኚው ከቦርሳው የካርቶን ኩባያ ያወጣል። በረከት ክዳን ተደርጎለት ለመንገድ ይያዛል። ቶናው ላይ ሲያዛጋ የነበረው ጎብኚ ደረጃው ላይ ቆሞ ኮከብ ይሰጣል፤ ለምግቡ አምስት፣ ለታሪኩ አምስት፣ ለደረጃው ሁለት፣ አሳንሰር ስለሌለው።

ሰዓቱ ከቀኑ 10 ሆኗል። በኅዳር መጨረሻ ፀሐይ 10 ሰዓት ተኩል አለፍ ሲል ትጠልቃለች፤ ሻማው ከዚያ በፊት መብራት አለበት። ሰንበት ከገባ እሳት የለም። የቤቱ የሰንበት ዳቦ ገና ድስቱ ውስጥ ነው፤ እሳቱን ለቡናው ስለለቀቀ ላዩ አልቀላም። የልጆቹ ወጥ አልሞቀም። ወለሉ ላይ የፈንዲሻ ፍርፋሪና የፕላስቲክ ቄጤማ፣ ረከቦቱ ላይ፣ ከረከቦቱ ሥር፣ መስኮቱ ጠርዝ ላይ፣ ሶፋው ሥር ሳይቀር ሠላሳ ስኒ፣ ሠላሳውም አተላ የደረቀበት። ከትኬቱ ለቤቱ እመቤት የደረሳት የስኒ ማጠቢያው ሳሙና ያህል ነው። አስጎብኚው የአውቶቡሱ በር ላይ ዞር ብሎ እጁን ያውለበልባል፦

“ሻባት ሻሎም! በሚቀጥለው ዓርብ 45 ሆነን እንመጣለን!”