መጀመሪያ ይባረር፣ ከዚያ ይሰማ

አሜሪካ ውስጥ አለቃ ያልወደደውን ሠራተኛ በአንድ ቃል ያሰናብታል የሚለውን ወሬ አገር ቤት ያሉ ዘመዶቼ እንደ ወንጌል ይዘውታል። ለግል ድርጅት ሠራተኛ ከሞላ ጎደል እውነት ነው። ለቋሚ የመንግሥት ሠራተኛ ግን አይሠራም፤ ለዚህም ትልቁን ድርሻ የሚወስደው አንድ የጥበቃ ሠራተኛ ነው።

ጄምስ ላውደርሚል ይባላል። ክሊቭላንድ ውስጥ በትምህርት ቦርድ ሲቀጠር በከባድ ወንጀል ተፈርዶብኝ አያውቅም ብሎ ቅጽ ሞላ። በ1968 እ.ኤ.አ. በስርቆት እንደተፈረደበት ሲደረስበት ቃሉን እንኳ ሳይጠየቅ ተባረረ። ክርክሩ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሰ፤ ዳኞቹም በ1985 እ.ኤ.አ. እንዲህ ያለ ሠራተኛ ከመሰናበቱ በፊት ክሱ ሊነገረው፣ ማስረጃው ሊብራራለትና መልሱ ሊሰማ ይገባል አሉ። በኋላ ይግባኝ ማለት መቻሉ ብቻ አልበቃቸውም።

የከተማ አውቶቡስ የሚነዳ ጎረቤቴ የደረሰውን የዲስፕሊን ደብዳቤ አሳይቶኛል። ቀኑ፣ ሰዓቱ፣ የመስመሩ ቁጥር፣ የተጣሰው አንቀጽ ሁሉ ተጽፏል፤ የሠራተኛ ማኅበር ተወካይ ይዞ መቅረብ እንደሚችልም ይገልጻል። ጥፋተኛ ነበር፣ ተቀጣ። ግን በምን እንደተቀጣ ያውቃል።

አገር ቤት የአክስቴ ልጅ የደረሳት ክስ ደግሞ «በተለያዩ ጊዜያት የመሥሪያ ቤቱን መልካም ስም የሚያጎድፍ ተግባር በመፈጸምዎ» ይላል። መቼ? የት? ምን? ለዚህ ነው እንግዲህ መልስ ስጪ የተባለችው።

ሕግ ጠፍቶ አይደለም። የዲስፕሊን አፈጻጸም ሥርዓት በደንብ ቁጥር 77/1994 ተደንግጎ ነበር፤ ኮሚቴ አለ፣ የአስተዳደር ፍርድ ቤት አለ፣ ከዚያም በሕግ ስህተት ወደ መደበኛ ፍርድ ቤት ይግባኝ አለ። ችግሩ ኮሚቴው የሚያቀርበው የውሳኔ ሐሳብ መሆኑ ላይ ነው። ወሳኙ የበላይ ኃላፊው ናቸው፤ ብዙ ጊዜ ክሱ የተጠነሰሰውም ከእሳቸው ቢሮ ነው። ነገ የደረጃ ዕድገቱን ለሚፈርሙለት ሰው «ተሳስተዋል» ብሎ ቃለ ጉባኤ የሚጽፍ የኮሚቴ አባል ጀግና ነው። ጀግና ደግሞ በየቢሮው አይገኝም።

ይህም የይስሙላ መሰማት የቀረበት ጊዜ ነበር። የገቢዎችና ጉምሩክ ባለሥልጣን ሠራተኞች ደንብ ቁጥር 155/2000 በአንቀጽ 37 ዋና ዳይሬክተሩ በሙስና የጠረጠሩትንና እምነት ያጡበትን ሠራተኛ ያለ መደበኛ የዲስፕሊን ሥርዓት እንዲያሰናብቱ ፈቀደ፤ የተሰናበተውም በየትኛውም የፍርድ አካል ውሳኔ ወደ ሥራው አይመለስም አለ። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ደግሞ ፍትሕ የማግኘት መብትን የሚደነግገው ነው። የቁጥሩን መገጣጠም ያየ የሕግ ተማሪ ሳይስቅ አይቀርም።

እዚህ አሜሪካም የሰማይ ችሎት አለ ብዬ አላወራም። የፌዴራል ሠራተኞችን ይግባኝ የሚያየው ቦርድ ከ2017 እስከ 2022 እ.ኤ.አ. ምልዓተ ጉባኤ የሚሞሉ አባላት ስላልተሾሙለት፣ ከ3 ሺሕ በላይ መዝገቦች ውሳኔ ሳያገኙ ተከማችተው ነበር። አምስት ዓመት የጠበቀ ሰው «ከመባረሬ በፊት ተሰምቼ ነበር» ብሎ ምን ያህል ይጽናናል? ያም ሆኖ ቢያንስ በመዝገቡ ውስጥ የራሱ መልስ አለ፤ ይግባኝ ሰሚው ከባዶ አይነሣም።

የአክስቴ ልጅ በመጨረሻ ረታች። ወደ ሥራ ትመለስ፣ ውዝፍ ደመወዟም ይከፈላት ተባለ። መሥሪያ ቤቱ ይግባኝ አለ፣ ተሸነፈ፤ የአፈጻጸም መዝገብ እስክትከፍት ድረስም ዝም አለ። ስትመለስ መደቧ በሌላ ሰው ተይዟል። «ተንሳፋፊ» ተብላ መዝገብ ቤት ጥግ ወንበር ተሰጣት፤ ጠረጴዛ የለውም። ውዝፉ ከመንግሥት ካዝና ወጣ። ያሰናበቷት ኃላፊ ግን አንድ ሳንቲም አልተጠየቁም፤ እንዲያውም ያን ጊዜ ሌላ መሥሪያ ቤት ተሹመው ሄደዋል።