ቢላ ስለደረሰለት አይነጻም

የደሴና የኮምቦልቻ ወገኖቼ፣ በክት እንበላለን የሚል ሰው በመካከላችን የለም፤ እስላሙም ክርስቲያኑም ይጸየፈዋል። ታዲያ ሲያቃስት ያደረ በሬ ጎህ ሲቀድ ሲወድቅ «ነፍሱ ሳትወጣ ቢላ ይድረስለት» ብለን የምንሯሯጠው ለምንድን ነው? እ.ኤ.አ. በ1996 ጋቦን ውስጥ፣ ጫካ ሞቶ የተገኘ ቺምፓንዚ ቆራርጠው የተካፈሉ ሰዎች በኢቦላ ተይዘው ነበር። ይህን ስንሰማ «ምን ዓይነት ሰዎች ናቸው!» እንላለን። ከከብት ወደ ሰው የሚተላለፈው አባ ሰንጋ (አንትራክስ) የያዘውን በሬ ግን ባርከን እንካፈላለን።

ምልክቱን የወሎ ገበሬ ያውቀዋል። ደህና ያመሸ ከብት ድንገት ይሞታል፣ ሆዱ ወዲያው ይነፋል፣ ከአፍና ከአፍንጫው የሚወርደው ደም ጥቁር ነው፣ አይረጋም። ይህን ያየ ሰው ቢላውን ወደ ሰገባው ይመልስ። በድኑ ሲከፈት ጀርሙ አየር አግኝቶ ጠንካራ ሽፋን ያበጃል፤ ደሙ የፈሰሰበት አፈር ውስጥም አሥርተ ዓመታት ይቆያል። የልጆቻችን ከብት የሚግጠው እዚያው ነው። መቀቀሉ እንኳ አያስተማምንም፣ ጥሬውንማ ተዉት!

ቀድሞ የሚያዘው ገፋፊው ነው። በቀናት ውስጥ ክንዱ ላይ የምታሳክክ እብጠት ትወጣለች፣ ውሃ ትቋጥራለች፣ መሃሏ እንደ ከሰል ይጠቁራል። ስለማታመው ይንቃታል። በጊዜ ጤና ጣቢያ ቢሄድ በአንቲባዮቲክ ይድን ነበር።

ምግብ ቤት ያላችሁ፣ በሌሊት በማዳበሪያ ተጠቅልሎ በርካሽ የሚመጣላችሁን ሥጋ አትቀበሉ። እናንተ ባትገዙ ማን ያርደው ነበር? ቅርጫ የምትገቡም በሬው በእግሩ ቆሞ ሲያመነዥክ እዩት። ከብት ያላችሁ በየዓመቱ አስከትቡ፤ የአባ ሰንጋ ክትባት እንደሚሠራ ፈረንሳዊው ሳይንቲስት ፓስተር እ.ኤ.አ. በ1881 በአደባባይ አሳይቷል፣ የእንስሳት ጤና ላቦራቶሪም ኮምቦልቻ ደጃችን ላይ አለ።

አንድ በሬ ብቻ ያለውን ገበሬ «ሳትገፍ ቅበረው» ማለት ግን ጭካኔም አለበት። ያረሰበት፣ ልጆቹን ያበላበት በሬ ነው። ስለዚህ ቅሬያችን (እድራችን) ለሰው እንደሚያዋጣ ለዚህም ያዋጣ፤ ጎልማሶቹ 2 ሜትር ጉድጓድ ይቆፍሩ፣ ከብቱ ከነቆዳው ይቀበር፣ ለባለቤቱ ከሣጥኑ ካሣ ይሰጠው። በሚቀጥለው የቅሬ ስብሰባ ይህን አንሡ።