ከ«ድራይቭ» በፊት ያለውስ?

ስለ ዴንማርካዊው የፊልም ዳይሬክተር ኒኮላስ ዊንዲንግ ሬፍን ያነበብኩት አንድ ጽሑፍ በ2011 እ.ኤ.አ. በካን የፊልም ፌስቲቫል ምርጥ ዳይሬክተር ካሰኘው ፊልሙ «ድራይቭ» ይጀምራል። ለእኔ ግን ጣፋጩ ታሪክ ከዚያ በፊት ያለው ነው። በ1996 ገና በ20ዎቹ ዕድሜው ስለ ኮፐንሃገን ዱርዬዎች የሚያወራውን «ፑሸር»ን ሠርቶ ስሙ ተነሳ። በ2003 «ፊር ኤክስ» የተባለው ፊልሙ አከሰረውና ዕዳ ውስጥ ተዘፈቀ። ምን ያድርግ? ወደነዚያ ዱርዬዎች ተመልሶ «ፑሸር» 2ን እና 3ን ሠራ። ዕዳ ለመክፈል! ግን 2ኛውን እዩት። ተዋናዩ ማድስ ሚከልሰን ፀጉሩን ተላጭቶ፣ ከጭንቅላቱ ኋላ «አክብሮት» የሚል ንቅሳት አለው። የሚጫወተውን ገጸ ባሕርይ ግን የሚያከብረው ሰው የለም፤ አባቱ እንኳ ይንቀዋል። እኔ ከ«ድራይቭ» አስበልጠዋለሁ። በነገራችን ላይ፣ የሬፍን ፊልሞች ላይ ቀለሙ የሚጮኸው ሰውዬው ቀለም የመለየት ችግር ስላለበት ነው፤ ደብዘዝ ያለው አይታየውም።