አቦ፣ ዲኤክሳችንን ተዉልን

ሰሞኑን ድሬዳዋ ላይ ስለ ከተማ ትራንስፖርት በተጠራ አንድ ውይይት ላይ ከመድረክ የተነገረ ነገር እስካሁን ያናድደኛል። ተናጋሪው ያሉት በአጭሩ ይሄ ነው። አርባ ዓመት ያለፋቸው ዲኤክሶች፣ ማለትም አሮጌዎቹ ቶዮታ ኮሮላዎች፣ የከተማዋን ገጽታ ያበላሻሉ፣ አየሩን ይበክላሉ፣ ለአደጋ ያጋልጣሉ፣ ዶላር ይበላሉ፤ ስለዚህ የዕድሜ ገደብ ይውጣና ከመንገድ ይነሱ፣ ባለቤቶቹም ሸጠው የኤሌክትሪክ መኪና ይግዙ። ተጨበጨበላቸው። ካጨበጨቡት መሀል በልጅነቱ በዲኤክስ ተጭኖ ሐኪም ቤት ወይም ሠርግ ያልሄደ የድሬ ልጅ ካለ ይምጣና ይንገረኝ።

ከመጨረሻው ልጀምር። ሸጠው ይግዙ! ለማን ነው የሚሸጡት? ከመንገድ ይነሳ የተባለን መኪና ማን ብር ቆጥሮ ይገዛል? የላሜራ ነጋዴ በኪሎ ካልሆነ በቀር ማንም። ለብዙ ቤተሰብ ያቺ መኪና ብቸኛዋ ንብረት ናት። ጡረታ የወጣ አስተማሪ፣ ከገንደ ቆሬ እስከ ሳቢያን ሸቀጥ የሚያመላልስ ባለ ሱቅ፣ አባቱ ትተውለት የሞቱ ልጅ፤ እነዚህ ናቸው ባለዲኤክሶቹ። ዋጋዋን በአንድ መመሪያ ዜሮ ታደርግና በዜሮው ኤሌክትሪክ መኪና ግዛ ትለዋለህ። ይሄን ሒሳብ አዳራሽ ውስጥ ተቀምጦ ያጨበጨበ ሰው እንዴት አልታየውም?

ገጽታ የሚሉትን ነገርማ ጭራሽ አልገባኝም። የደንገጎን አቀበት ወጥታችሁ ሐረር ግቡ። የሐረር ፔጆ 404 ታክሲ ከጃፓኖቹም በዕድሜ ይበልጣል፤ ፈረንጁ ግን ከጀጎል በር ሳይገባ መጀመሪያ ፎቶ የሚያነሳው እሱን ነው። ጀጎል ራሱ እ.ኤ.አ. በ2006 ዩኔስኮ መዝገብ ላይ የሰፈረው አሮጌ ግንቡንና ቤቶቹን እንደያዘ ነው። የድሬ መልክስ ምንድን ነው? ከዚራ ሰፈር ነው፣ የዛፎቹ ጥላ ነው፣ አሮጌው ባቡር ጣቢያ ነው። ሁሉም አሮጌ ነው፣ ሁሉም ያምራል። የከተማዋን ገጽታ የሚያበላሸው ያልተነሳ ቆሻሻና ተቆፍሮ የተተወ መንገድ ነው። ዲኤክስ ያን የተቆፈረ መንገድ ሳታማርር ስትሄድበት የኖረች መኪና ናት።

ወደ ዋናው ነገር ልምጣ።

ዲኤክስ የምንላት የኮሮላ አራተኛው ትውልድ ናት፣ ጃፓን እ.ኤ.አ. ከ1979 ጀምሮ የሠራቻት። ብዙዎቹ እኛ ጋ ያሉት ባለ 4ኬ ሞተር ናቸው፣ 1290 ሲሲ። ካርብሬተር፣ የብረት ብሎክ፣ ኃይሉን ወደ ኋላ ጎማ የሚወስድ ዘንግና ዲፈረንሻል። ከሷ በኋላ የመጡት ኮሮላዎች አብዛኞቹ በፊት ጎማ የሚነዱ ሆኑ፣ ቀስ በቀስም ኮምፒውተር ገባባቸው። እሷ ላይ ኮምፒውተር የለም። ኮፈኑን ስትከፍት ሁሉም ነገር ይታይሃል። እጅህ የማይደርስበት ቦታ የለም፤ በሞተሩና በላሜራው መሀል ያለው ክፍት ቦታ ራሱ ሰው እጁን እንዲያስገባ ታስቦ የተተወ ይመስላል።

ይሄ ትንሽ ነገር አይደለም። ለእኔ ክርክሩ ሁሉ እዚህ ላይ ነው ያለው።

መኪና የራስህ የሚሆነው ስትገዛው ሳይሆን ሲበላሽ ነው የሚታወቀው። ዲኤክስ ደንገጎ አቀበት ላይ ቆመች እንበል። ካርብሬተሯ ታፍኖ ከሆነ ፈትተህ በቤንዚን ታጥበዋለህ፣ ቀዳዳዎቹን በአፍህ ትነፋለህ፣ መልሰህ ታስራለህ። ፑንቲናው፣ የሞተሩን እሳት የሚያገናኘውና የሚያቋርጠው ዕቃ፣ ከተቃጠለ በአሸዋ ወረቀት ጠረግ ታደርገዋለህ። ቺንጊያው ከተበጠሰ ከሚያልፈው ሚኒባስ ሾፌር አንዱ መለዋወጫ አያጣም። ሙቀት ከጨመረባት ጥላ ፈልገህ ታቆማታለህ፣ እስክትቀዘቅዝ ትጠብቃለህ፣ ራዲያተሩን በጨርቅ ይዘህ ትከፍታለህ፣ ውሃ ትጨምራለህ፣ ከዚያ አዴሌን አልፈህ፣ አለማያን አልፈህ፣ አወዳይ ላይ ሻይ ጠጥተህ ሐረር ትገባለህ። ያንተ እውቀት ባይበቃ እንኳ መንገድ ላይ ከሚያገኙህ አምስት ሾፌሮች ሦስቱ ያውቁታል። አባት ለልጅ ያስተማረው እውቀት ነው፤ ጋራዥ ውስጥ ቁልፍ እያቀበለ ያደገ ልጅ ሁሉ የሚያውቀው ነው። የአሥራ ስድስት ዓመት ልጅ የ4ኬ ቫልቭ ሲያስተካክል ቆሜ አይቻለሁ፣ ጆሮውን ወደ ሞተሩ አዘንብሎ፣ ድምፁን እየሰማ። እንዲህ ያለ ልጅ ያለባትን ከተማ እናንተ ኋላ ቀር ትሏታላችሁ?

ድሬ ደግሞ የዚህ እውቀት ከተማ ናት። ዝም ብላ አልበቀለችም። ባቡሩ እ.ኤ.አ. በ1902 ከጅቡቲ ተነስቶ እዚህ ሲደርስ ነው የተወለደችው። ከጣቢያው ጋር ወርክሾፑ መጣ። ከወርክሾፑ ጋር ቶርነሪው፣ በያጁ፣ ቀጥቃጩ፣ ኤሌክትሪክ ሠራተኛው መጣ። ፈረንሳይ የሠራችውን ባቡር መለዋወጫ በሌለበት ዘመን ሁሉ እየቀጠሉ፣ እየበየዱ፣ ያጣነውን ብሎን ራሳቸው እየቀረጹ ያስኬዱት የድሬ ልጆች ናቸው። ያ እጅ ነው ከምድር ባቡር ወጥቶ ወደ ሰፈር ጋራዥ የሄደው። ዛሬ ለዲኤክስህ የጠፋ ዕቃ ብትፈልግ ሁለት መንገድ አለህ። አንዱ አዲስ አበባ መለዋወጫ የሚሸጥበት ሶማሌ ተራ መደወል ነው፤ ሌላው እዚሁ ቶርኖ ቤት ሄደህ አሮጌውን ማሳየት ነው፣ በማግስቱ አዲሱን ይሰጡሃል። ሁለቱም በብር ነው፣ ሁለቱም እዚሁ ሀገር ውስጥ ነው፣ ሁለቱም ለሰው እንጀራ ነው። መኪናዎቹን ከመንገድ ስታነሱ የምታነሱት ይሄን ሁሉ ሰው ነው። ጎሚስታው፣ ላሜራ ቀጥቃጩ፣ ራዲያተር በያጁ፣ ባትሪ ሞይው። ከመድረኩ ስለነሱ አንድ ቃል አልተነሳም። አንድም!

አሁን የኤሌክትሪክ መኪናውን እንየው። ሕዳሴ ግድብ ተመርቋል፣ እሰየው፣ ሁላችንም ያዋጣንበት ነው። ነዳጅ በዶላር እንደሚገባም አውቃለሁ፣ የቤንዚን ዋጋ የት እንደደረሰም ኪሴ ይነግረኛል። ግን እዚህ የሚሸጡት መኪናዎች ብዙዎቹ ስክሪናቸው በቻይንኛ የሚያወራ፣ ሲበላሹ ኮምፒውተርና ኮድ የሚፈልጉ፣ ባትሪያቸው የመኪናውን ዋጋ ግማሽ ሊበላ የሚችል ናቸው። የድሬ ሙቀት ደግሞ ለባትሪ ጠላት ነው፤ ሊቲየም ባትሪ በሙቀት ቶሎ እንደሚያረጅ የታወቀ ነገር ነው። ግንቦትና ሰኔ ላይ ቀኑን ሙሉ ፀሐይ ላይ የዋለ መኪና ውስጥ ገብታችሁ ታውቃላችሁ? መብራት ጠፍቶ ያደረበት ሌሊት ጠዋት ላይ ምን ይዞ ሥራ ሊገባ ነው ሰውየው? ከድሬ አዲስ አበባ ሊሄድ ቢነሳ በረሃው መሀል የትኛው ጣቢያ ቆሞ ቻርጅ ሊያደርግ ነው? ደንገጎ ላይ ቀጥ ቢል የትኛው ሾፌር ወርዶ ይረዳዋል? ማንም። ስልክ ይደውላል፣ በካርጎ አስጭኖ አዲስ አበባ ይልካል፣ እዚያም ወረፋ ይጠብቃል። መኪናው በወረቀት የሱ ነው እንጂ በተግባር የሚያዘው ሶፍትዌሩን የያዘው ሰው ነው።

ዶላር ይበላሉ የሚለውን ደግሞ ጭራሽ እንዳትደግሙት። ብዙዎቹ ዲኤክሶች በደርግ ዘመን የገቡ ናቸው። ዶላራቸው ያኔ ተከፍሎ አልቋል። ከዚያ ወዲህ በስንት መንግሥትና በስንት የዋጋ ንረት መሀል ያለ ተጨማሪ መኪና ግዢ ቤተሰብ ሲያገለግሉ ኖረዋል። አንዲት አሮጌ መኪና በኖረች ቁጥር አንድ አዲስ መኪና ከውጭ አይገዛም። ይሄ ነው ምንዛሪ ማዳን ማለት። አዲስ መኪና ለመሥራት የሚቀልጠው ብረት፣ የሚቆፈረው ማዕድን፣ በመርከብ የሚጓዘው ጭነትስ አየር አይበክልም? ወይስ ብክለት የሚባለው ከዚራ ላይ የሚታየው ብቻ ነው?

ደግሞ በሩን የዘጋችሁት እናንተው ናችሁ። በ2012 የወጣው የኤክሳይዝ ታክስ አዋጅ፣ ቁጥር 1186፣ ያገለገሉ መኪናዎች ላይ የጣለውን ግብር ሁላችንም እናስታውሳለን። ዕድሜው በጨመረ ቁጥር ግብሩ ይከብዳል። ተራው ሰው ቪትዝ እንኳ ማለም ያቆመው ያኔ ነው። ከዚያ በ2016 የነዳጅ መኪና ማስገባት ጭራሽ ተከለከለ። በዚያው ዓመት ሐምሌ ላይ ደግሞ ብሩ በገበያ ዋጋ ይወሰን ተባለ፣ የዶላሩም ዋጋ ወጣ። እሺ፣ መንግሥት የራሱ ምክንያት አለው ብለን አልፈናል። ታዲያ ከውጭ እንዳናስገባ ከከለከላችሁን በኋላ ውስጥ ያለውንም አንሱ ስትሉን፣ ደሞዝተኛው በምን እንዲሄድ ነው የምትፈልጉት? በባጃጅ ብቻ? አራት ልጅ፣ አንዲት አሮጊት እናት፣ አንድ ኩንታል ጤፍ ባጃጅ ላይ ጫኑና እንያችሁ። ዲኤክስ ዛሬ ዋጋዋ ሰማይ የወጣው አሮጌ ዕቃ ናፋቂ ሰው ስለበዛ አይደለም። ደሞዝተኛ ተበድሮም ቢሆን ሊደርስባት የሚችል፣ በየሰፈሩ የሚጠገን፣ ነገም መልሶ የሚሸጥ መኪና ከሷ ሌላ ስላልተተወለት ነው።

ጭሱን አልክድም። ጭስ የሚያጣራው ካታሊቲክ ኮንቨርተር የላትም፣ ከአዲስ መኪና ጋር ብናወዳድራት የሷ ጭስ ይከፋል። ኤርባግ የላትም፣ ፍሬን ሲያዝ ጎማ እንዳይቆለፍ የሚያደርገው ኤቢኤስ የላትም። ይሄ እውነት ነው። ግን መፍትሔው ዕድሜ መቁጠር ነው? ፋሻው፣ የፒስተኑ ቀለበት፣ አልቆ ዘይት የሚያጨስ መኪና ዓመታዊ ምርመራ ላይ ይያዝ፣ ቦሎ አይሰጠው፣ እስኪጠገን ይቁም። ፍሬኑ የማይዝ መኪና፣ መሪው የሚላላ መኪና፣ ቀበቶ የሌለው መኪና ይቁም፤ ዲኤክስም ይሁን ትናንት ከወደብ የወጣ። በደንብ የተያዘች ዲኤክስ ደንገጎን ስትወርድ በሁለተኛ ማርሽ ታምቃ ፍሬኗን ሳታቃጥል ትወርዳለች፤ አጠገቧ ባዶ ማርሽ አድርጎ የሚፈተለከው አዲስ መኪና ነው እኔን የሚያስፈራኝ። ስለ አደጋ የምር የሚጨነቅ ሰው ሾፌሩንና ፍሬኑን ያያል። ሊብሬ ላይ የተጻፈውን ዓመተ ምሕረት ብቻ የሚያይ ሰው ስለ አደጋ አልተጨነቀም፣ መኪናዋን ጠልቷታል።

ይሄን ወሬ ሰምታችሁ ለመግዛት የፈራችሁ ደግሞ አትፍሩ፣ ግን ዓይናችሁን ከፍታችሁ ግዙ። የድሬ ደረቅ አየር ለላሜራ ደግ ነው፤ ዝናብ ሲመታት ከኖረች መኪና ይልቅ እዚህ የኖረችውን እመርጣለሁ። ቀለሙ አታሏችሁ እንዳትገዙ፣ ማግኔት ይዛችሁ ሂዱና በሮቹ ሥርና ጎማው ዙሪያ አስነኩ፤ ማግኔቱ ካልያዘ ከቀለሙ ሥር ያለው ብረት ሳይሆን ስቱኮ ነው። ምንጣፉን አንሱና ወለሉን እዩ። ሞተሩን ጠዋት በቀዝቃዛው ራሳችሁ አስነሱ፣ ሻጩ አሙቆ እንዳይጠብቃችሁ። ሰማያዊ ጭስ ካያችሁ ሞተሩ ዘይት እያቃጠለ ነውና የሞተር ዋጋ ቀንሱ። ከሁሉም በላይ የሻንሲና የሞተር ቁጥሩን ከሊብሬው ጋር አስተያዩ፤ ሞተር የተቀየረባቸው ብዙ ናቸው፣ መቀየሩ ነውር አይደለም፣ ሊብሬ ላይ አለመስፈሩ ግን በኋላ ስም ስታዛውሩ ጣጣ ያመጣባችኋል። ሻጩ ደንገጎ ድረስ እንሞክራት ስትሉት ካመነታ ምክንያት አለው፣ ተዉት።

ለመድረኩ አዘጋጆች ደግሞ። በሚቀጥለው ስትሰበሰቡ ከመጋላና ከአዲስ ከተማ ጋራዦች መካኒክ ጥሩ፣ ከባለዲኤክሶቹም ሰው ጥሩ፣ ፊት ለፊት ወንበር ስጧቸው። የዕድሜ ገደብ የሚለውን ከአጀንዳው አውጡና የምርመራ ጣቢያው ፍሬንና ጭስ በትክክል የሚለካበትን መሣሪያ ስለማሟላት ተነጋገሩ። ያኔ እኔም መጥቼ አጨበጭባለሁ።