ተዋናይ ብዕር ሲያነሣ

ከጥቂት ቀናት በፊት ጅማ፣ ፈረንጅ አራዳ አካባቢ ቡና እየጠጣን ሳለ፣ የፊልም ተዋናይ ድርሰትም ቢጽፍ ሙያው ይጎለብታል ወይስ ይከፋፈልበታል በሚለው ጥያቄ ላይ ሦስት ወዳጆቼ አጥብቀው ተከራከሩ። ነገሩን የቆሰቆሰው በቲያትር ክበብ ውስጥ የሚተውን አንድ ወጣት ነው፤ የራሱን የፊልም ጽሑፍ መጀመሩን ሲነግረን፣ ጡረታ የወጡት የአማርኛ መምህር «ልጄ፣ ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ አይወጣም» አሉት። ተዋናይ ሲጽፍ ታሪኩን ትቶ በልኩ ሚና ይሰፋል የሚል ጽኑ እምነት አላቸው።

ወጣቱ አሜሪካዊውን ተዋናይ ሲልቬስተር ስታሎንን አነሣ። «ጋሼ፣ ስታሎን የ‹ሮኪ›ን ጽሑፍ ራሴ ካልተወንኩበት አልሸጥም ባይል ኖሮ ዛሬ ማን ያውቀው ነበር? እ.ኤ.አ. በ1976 የወጣው ያ ፊልም እኮ በምርጥ ፊልምነት ኦስካር ወስዷል።» መምህሩም «ይሄማ የእኔን ነገር ነው የሚያጠናክረው፤ ሰውየው የጻፈው ለራሱ ነው» ብለው መለሱለት።

እስከዚያ ዝም ብላ ትሰማ የነበረችው የባንክ ሠራተኛ ወዳጃችን እንግሊዛዊቷን ተዋናይት ኤማ ቶምፕሰንን ጠቀሰች። ቶምፕሰን «ሃዋርድስ ኤንድ» በተሰኘው ፊልም በትወና፣ ኋላም ከጄን ኦስተን ልቦለድ ተነሥታ በጻፈችው የ1995ቱ «ሴንስ ኤንድ ሴንሲቢሊቲ» በፊልም ጽሑፍ ኦስካር ተሸልማለች፤ በትወናም በጽሑፍም ሽልማቱን ያገኘች የመጀመሪያዋ ሰው ናት። ጽሑፉ ዓመታት ወስዶባታል። አንድ ጊዜ ኮምፒውተሯ ሁሉንም ወደማይነበብ ምልክት ለውጦባት፣ ማሽኑን ይዛ በታክሲ ወደ ጓደኛዋ ስቲቨን ፍራይ ቤት መሄዷንና እሱም ለሰዓታት ታግሎ እንዳወጣላት ራሷ ተናግራለች። መምህሩ ግን አልተረቱም፤ «ዋናዋን ገጸ ባሕርይ ኤሊኖርን የተጫወተችው ራሷ አይደለችም? በልቦለዱ የ19 ዓመት ልጅ የሆነችውን፣ ከ30 ያለፈች ሴት ትጫወታት ዘንድ ዕድሜዋን ከፍ አደረገችው» አሉ።

እኔ የማደላው ለወዳጃችን ነው። ቶምፕሰን ኤሊኖርን ስትጽፍ ለሌላ ተዋናይት አስባ ነበር፤ አንቺው ተጫወቺው ያላት ዳይሬክተሩ አንግ ሊ ነው። ከዚያ በላይ የሚያሳምነኝ ግን የጽሑፉ ጠባይ ነው። ኤሊኖር የሰው ምስጢር ተሸክማ፣ ሐዘኗን ዋጥ አድርጋ፣ እህቷን እያባበለች ታሪኩ ሊያልቅ እስኪቃረብ ትቆያለች፤ የምትወደው ሰው ሌላ አለማግባቱን በሰማች ቅጽበት ግን ቃል ሳይወጣት ሳግ ይቀድማታል። በልኩ ሚና የሚሰፋ ሰው በዚህ ቦታ ረጅም ንግግር ይጽፍ ነበር። ተመልካች ያልተነገረውን ከፊት ላይ እንደሚያነብ ቶምፕሰን የተማረችው ካሜራ ፊት ቆማ ነው፤ ትወናው ለብዕሯ ያተረፈላትም ይህንኑ ነው።

የመምህሩ ስጋት ከንቱ አይደለም፤ ጸሐፊው ራሱ እየተወነ ከአንድም ትዕይንት የማይጠፋበት ፊልም ሁላችንም አይተናል። ስለዚህ ወጣቱ ጽሑፉን እንዲገፋበት፣ ዋናውን ገጸ ባሕርይ ግን ሌላ ሰው እንደሚጫወተው አስቦ እንዲጽፈው፣ እሱ ከተጫወተውም ጽሑፉ ካለቀ በኋላ ዳይሬክተሩ ጠይቆት እንዲሆን አጥብቄ መከርኩት።