የወሩን ክፍያ ብቻ አይታችሁ አትፈርሙ

«ወርሃዊ ክፍያው ከኪራዩ ብዙ ካልራቀ ቤት ግዙ» የሚል ምክር በአንድ ጽሑፍ ላይ አነበብኩ፤ ምክሩ ግን አሜሪካ ለምንኖር ሰዎች ጎደሎ ነው። አሻሻጩም አበዳሪውም ፊታችን የሚያስቀምጡት የወሩን ክፍያ ነው፤ የ30 ዓመቱን ድምር የሚጠይቅ ጥቂት ነው።

እስቲ እናስላው። 400 ሺህ ዶላር በ7 በመቶ ቋሚ ወለድ ለ30 ዓመት ብትበደሩ በየወሩ 2,661 ዶላር ገደማ ትከፍላላችሁ። ከመጀመሪያው ወር ክፍያ 2,333ቱ ወለድ ነው፤ ከዋናው ዕዳ የሚቀነሰው 328 ዶላር ብቻ! መጨረሻ ላይ የከፈላችሁት 958 ሺህ ዶላር ይደርሳል፤ 558 ሺሁ ወለድ ነው። የንብረት ግብርና የቤት ኢንሹራንስ ገና አልተቆጠሩም። ወለዱ ቋሚ ቢሆንም እነሱ ሲጨምሩ ወርሃዊ ወጪያችሁም ይጨምራል።

ከመፈረማችሁ ቢያንስ ሦስት የሥራ ቀናት አስቀድሞ በሕግ ሊደርሳችሁ የሚገባ ክሎዚንግ ዲስክሎዠር (የብድሩን የመጨረሻ ዝርዝር የሚያሳይ) የሚባል ሰነድ አለ። አምስተኛው ገጽ ላይ ለብድሩ በጠቅላላ የምትከፍሉት ተጽፏል። እባካችሁ እሱን ገጽ ሳታነቡ ብዕር አታንሱ።

እኔ ትልቁን ተስፋ የማየው በተጨማሪ ክፍያ ነው። ከላይ ባለው ብድር ላይ ከመጀመሪያው ጀምሮ በየወሩ 200 ዶላር ብትጨምሩ ዕዳው ከአምስት ዓመት ተኩል በላይ ቀድሞ ያልቃል፤ ከ120 ሺህ ዶላር በላይ ወለድም ይቀርላችኋል። እቁብ ሳያስተጓጉል የሚጥል ሰው ይህ አያቅተውም። ታዲያ ጭማሪው ከዋናው ዕዳ እንዲቀነስ ለአበዳሪው በግልጽ አሳውቁ፤ በቀጣዩ ወር መግለጫ ላይም በትክክል መቀነሱን አረጋግጡ።